ታይምሺፍት ድንጋይ

ታይምሺፍት ድንጋይ የጃፓኑ ኒንቴንዶ ኩባንያ ባወጣው «ዘ ሌጀንድ ኦቭ ዜልዳ፦ ስካይዋርድ ሶርድ» በተሰኘው የቪዲዮ ጌም ውስጥ የሚገኝ ምናባዊ ማዕድን ነው። ድንጋዩ ሲመታ በዙሪያው ያለው መሬት ከብዙ መቶ ዓመታት በፊት የነበረውን መልክ ይይዛል፤ ደግሞ ሲመታ ወደ ዛሬው ይመለሳል። ጌሙ ዊ ለተባለው የኒንቴንዶ መጫወቻ ማሽን የወጣው እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 2011 ሲሆን ዳይሬክተሩ ሂዴማሮ ፉጂባያሺ፣ ፕሮዲውሰሩ ኤይጂ አኦኑማ ናቸው። ምስሉ ጠርቶ የተዘጋጀው እትም በጁላይ 2021 ስዊች ለተባለው ማሽን ቀርቧል።

ማዕድኑ የሚገኘው በላናይሩ ምድር ነው። ባለታሪኩ ሊንክ እዚያ ሲደርስ የሚያገኘው በረሃ ነው፦ እግር የሚውጥ አሸዋ፣ የፈራረሰ ግንብ፣ በየስፍራው የወደቀ የዛገ ብረት። ጥንት ግን ላናይሩ ሣር የለበሰ፣ ባሕር የሚዋሰነው አገር ነበር፤ ኤልዲ-301 የሚባሉ ሮቦቶችም ድንጋዩን ከመሬት እየቆፈሩ ያወጡ ነበር። በምናባዊ ታሪኮች ጊዜን የሚያዝዝ ዕንቁ አብዛኛውን ጊዜ አንድ ብቻ ነው፤ ነገሥታት ይጣሉበታል፣ ጠንቋዮች ይጠብቁታል። የላናይሩ ድንጋይ ግን በፉርጎ የሚጫን፣ ፋብሪካ የተሠራለት ማዕድን ነው። የጌሙ ደራሲዎች አስማትን ከላብ አደር ሥራ ጋር ማገናኘታቸው ከዜልዳ ታሪኮች ሁሉ ለየት ያደርገዋል።

የድንጋዩ ኃይል ወሰን አለው። ሲነቃ በዙሪያው ክብ ይዘረጋል፤ በክቡ ውስጥ አሸዋው ጠንካራ መሬት ይሆናል፣ ሣር ይበቅላል፣ የቆመው ማሽን መሽከርከር ይጀምራል። አንድ እርምጃ ከክቡ ውጭ ያለው ሁሉ በረሃ እንደሆነ ይቀራል። ሊንክ ራሱ አይለወጥም፤ ድንበሩን እየተሻገረ በሁለት ዘመን መካከል በእግሩ ይመላለሳል። አሸዋ ውስጥ ግማሽ አካሉ የተቀበረው ሮቦት ክቡ ሲደርስበት ዓይኑ በርቶ፣ ምንም እንዳልተፈጠረ ስለ ሥራው ማውራት ይቀጥላል። ለእሱ ያ ቀን ገና አላለፈም። ክቡ ሲሸሽ ደግሞ ባለበት ዝገት ሆኖ ይቀራል። ተጫዋቹ ይህን ያህል ያወጋውን ሮቦት ድንጋዩን ራሱ መትቶ ማጥፋት ሲኖርበት ትንሽ ቅር ይለዋል፤ ጌሙ ግን ስለዚህ ምንም አይልም።

አንዳንዱ ድንጋይ መሬት ላይ የተተከለ ነው፤ በሰይፍ፣ በቀስት ወይም ጥንዚዛ በሚመስለው በራሪ መሣሪያ ይመታል። ሌላው በፉርጎ ላይ ስለሚጓዝ ክቡም አብሮት ይጓዛል፤ ሊንክ ከፉርጎው ወደኋላ ከቀረ የቆመበት መሬት ከእግሩ ሥር ይከዳዋል። በእጅ የሚያዝ ክብ ድንጋይም አለ፤ ተሸካሚው ግን እጁ ስለሚያዝ ሰይፍ መምዘዝ አይችልም።

ከሁሉም የሚደነቀው የአሸዋ ባሕሩ ጉዞ ነው። ስኪፐር የተባለው ሮቦት ካፒቴን መርከቡን የባሕር ወንበዴዎች ስለነጠቁት ከሊንክ ጋር በትንሽ ጀልባ ፍለጋ ይወጣል። በጀልባዋ ላይ ታይምሺፍት ድንጋይ ተገጥሟል። ስለዚህ ጀልባዋ በደረቅ አሸዋ መካከል የራሷን ባሕር ይዛ ትጓዛለች፦ ከፊቷ ያለው አሸዋ ውኃ ይሆናል፣ ከኋላዋ ያለው ውኃ ተመልሶ አሸዋ ይሆናል። ካፒቴኑም በሕይወት ያለው ከዚያች ክብ ሳይወጣ ነው። መርከቡ ሲገኝ ምሰሶው ላይ ሌላ ድንጋይ ተሰቅሏል፤ ሊንክ በቀስት ሲመታው መርከቡ በሙሉ ዘመን ይቀይራል።

ጥንት ሁልጊዜ ይሻላል ማለት ግን አይደለም። ድንጋዩ ወዳጁን ሮቦት ሲያስነሣ ጠላቱንም አብሮ ያስነሣል፤ የሞተው የኤሌክትሪክ አጥርም ነፍስ ዘርቶ መንገድ ይዘጋል። አንዱ በር የሚከፈተው በጥንቱ ዘመን ነው፣ ሌላው የሚታለፈው በዛሬው ነው። የላናይሩ እንቆቅልሾች አብዛኞቹ በዚህ ላይ የተመሠረቱ ናቸው፦ የትኛው ነገር በየትኛው ዘመን ይጠቅማል?

ሕጉ ግን አንዳንዴ ይላላል። በክቡ ውስጥ የሚበቅለው ጥንታዊ አበባ ከተቀጠፈ በኋላ ከክቡ ውጭም አይጠፋም፤ እንዲያውም በሊንክ መኖሪያ በስካይሎፍት ገበያ ያለው ጠጋኝ ጎንዶ አሮጌ ሮቦቱን ለመጠገን የሚፈልገው ይህንኑ አበባ ነው። ጠላቶች ከክቡ ጋር እየጠፉ አበባ ለምን እንደሚተርፍ ማብራሪያ የለም። በላናይሩ የሚኖረው የመብረቅ ዘንዶ ታሪክ ደግሞ ነገሩን ይብስ ያወሳስበዋል። ዘንዶው ዛሬ አጥንት ብቻ ነው፤ በክቡ ውስጥ ግን ታሞ የተኛ ሕያው ነው። መድኃኒቱ የሕይወት ዛፍ ፍሬ ሲሆን ችግኙ እዚያው ካለበት አፈር አልስማማ ብሎታል። ሊንክ ችግኙን ነቅሎ በጊዜ በር በኩል ወደ ሌላ ጥንት ይወስድና ይተክለዋል፤ ፍሬውን ከዛሬው ዛፍ ለቅሞ በድንጋዩ ክብ ውስጥ ለተኛው ዘንዶ ያመጣለታል።

በዜልዳ ጌሞች ጊዜ አዲስ ጉዳይ አይደለም። «ኦካሪና ኦቭ ታይም» (1998) ሊንክን በሰይፍ አማካይነት ሰባት ዓመት ያሻግራል፤ «ማጆራስ ማስክ» (2000) ሦስት ቀንን ደጋግሞ ያስኬዳል። ሁለቱም የሚለውጡት ዓለሙን በሙሉ ነው። በማርቭል ፊልሞች የሚታወቀው የጊዜ ድንጋይም ቢሆን አንድ ፖም ከመመለስ አልፎ በሚሊዮን የሚቆጠሩ የወደፊት ዕጣዎችን እስከ ማሳየት ይደርሳል። በ2023 የወጣው «ቲርስ ኦቭ ዘ ኪንግደም» ውስጥ ያሉት ምስጢራዊ ድንጋዮች በስም ይቀራረቡታል እንጂ ሥራቸው ሌላ ነው፤ ልዕልት ዜልዳ የያዘችው ድንጋይ የራሷን የጊዜ ኃይል ያበረታል፣ የቆመችበትን መሬት ግን አይለውጥም።