ኮከቡን ማን ይምረጥ?

«ሱፐርስታር» የሚለው ቃል በቅርጫት ኳስ ወሬ ውስጥ ረክሷል። ሁለት ጨዋታ ላይ ሰላሳ ሰላሳ ነጥብ ያስቆጠረ ሁሉ ይሾምበታል። እኔ ግን ይህ ክርክር በተነሳ ቁጥር ወደ 1962 እመለሳለሁ። (ዘመኑን በፈረንጆቹ ልቁጠርላችሁ።)

በዚያ የውድድር ዘመን ዊልት ቻምበርሊን የተባለ፣ ቁመቱ 2 ሜትር ከ16 የሆነ ጎበዝ የአሜሪካንን ሊግ አተራመሰው። በየጨዋታው በአማካይ 50.4 ነጥብ! ማርች 2 ቀን ደግሞ ኸርሺ በምትባል የፔንሲልቬንያ ከተማ ኒውዮርክ ኒክስ ላይ ብቻውን 100 ነጥብ አስቆጠረ። ቴሌቪዥን አልቀረጸውም፤ የተመዘገበው ተመልካችም 4,124 ብቻ ነበር።

ታዲያ የዓመቱ ኮከብ ማን ተባለ? የቦስተን ሴልቲክሱ ቢል ረስል። አማካይ ነጥቡ 19 እንኳ ያልሞላው ሰው!

ነገሩ ወዲህ ነው። ያኔ የዓመቱን ኮከብ የሚመርጡት ራሳቸው ተጫዋቾቹ ነበሩ፤ የራስን ቡድን ባልደረባ መምረጥ ደግሞ ክልክል ነው። የዓመቱን ምርጥ ቡድን የሚመርጡት ግን የጋዜጣና የስርጭት ሰዎች ናቸው። እነሱ ቻምበርሊንን አንደኛው ቡድን ውስጥ፣ ረስልን ሁለተኛው ውስጥ አስገቡ። እንደኔው በወሬ የሚኖሩት ሰዎች ቁጥሩን አዩ። ሜዳ ላይ በክርን የተጎሻሸሙት ሌላ ነገር አይተዋል።

ምን አዩ? ረስል የተወረወረን ኳስ በአየር ላይ ሲያከሽፍ፣ እንደ ብዙዎቹ ለጭብጨባ ብሎ ወደ ተመልካቹ አይጠልዘውም። በሜዳው ውስጥ እንዲቀር አድርጎ ይመታዋል፤ ጓደኛው ያነሳዋል፤ ተጋጣሚው ዞር ሳይል ሌላኛው ቅርጫት ስር ተደርሷል። ይህ ስራ ያኔ በመዝገብ እንኳ አይያዝም ነበር። ውጤቱ ግን በ13 ዓመት 11 ዋንጫ ነው።

ቻምበርሊንን ማሳነሴ አይደለም፤ ኧረ በምን አቅሜ! በ1967 አማካይ ነጥቡን ወደ 24 አውርዶ ለጓደኞቹ ማቀበል ሲያበዛ ግን፣ ስምንት ዓመት በተከታታይ የነገሠውን ሴልቲክስን ጥሎ የመጀመሪያ ዋንጫውን አነሳ። ከዚህ በላይ ምስክር ከየት ይመጣል?

ዝናው ግን ለረስል ቆዳውን አላስረሳለትም። በ1961 ሌክሲንግተን፣ ኬንታኪ፣ የሆቴሉ ቡና ቤት ጥቁር ተጫዋቾችን አናስተናግድም ሲል፣ ረስልና ጥቁር ጓደኞቹ የወዳጅነት ጨዋታውን ትተው ሄዱ። ዋንጫ ባጎረፈላት በቦስተን አጠገብ፣ ሬዲንግ በሚባል ሰፈር፣ ሰዎች ቤቱን ሰብረው ገብተው ግድግዳውን በዘረኛ ስድብ ሞሉት፤ አልጋው ላይ ተጸዳዱበት። እንዲህ ካለ ተመልካች የሚመጣ ጭብጨባ ምን ዋጋ አለው? በ1966 ተጫዋችነቱን ሳይተው በሊጉ የመጀመሪያው ጥቁር ዋና አሰልጣኝ ሆነና ሁለት ዋንጫ ጨመረ። በ1972 ሴልቲክስ 6 ቁጥር ማልያውን በክብር ሲሰቅልለት፣ ተመልካች አልፈልግም አለ፤ ባዶ አዳራሽ ውስጥ የድሮ ጓደኞቹ ብቻ ቆሙለት።

በጁላይ 2022 ሲሞት ሊጉ 6 ቁጥርን ከሁሉም ቡድን አገደ። ከዚያ በፊት ለማንም ያልተደረገ ነው። ቀድሞ የለበሱት እንዲቀጥሉ ግን ተፈቀደ፤ ከነሱም አንዱ ሌብሮን ጄምስ ነበር። ፈቃዱ እያለው በ2023 ወደ 23 ቁጥሩ ተመለሰ፤ ለረስል ክብር ሲል።