አድማ በሕግ ፊት

አድማ የሚለው የአማርኛ ቃል ለሁለት ነገር መጠሪያ ሆኖ ይኖራል። አንደኛው ለክፉ ሥራ በስውር መመካከር ሲሆን፣ ሁለተኛው ሠራተኞች በደል እንዲነሣላቸው ተባብረው ሥራ ማቆማቸው ነው። የእንግሊዝ ሕግ ታሪክ ሲመረመር፣ እነዚሁ ሁለት ነገሮች ለረጅም ዘመን በአንድ የወንጀል ስም ሲዳኙ እንደ ነበር ይታያል።

ወንጀሉ በመጀመሪያ ጠባብ ነበር። እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር በ1305፣ በቀዳማዊ ኤድዋርድ ዘመን የወጣው ድንጋጌ በዋነኛነት ያነጣጠረው ሰውን በሐሰት ለመክሰስ በመሐላ በተባበሩት ላይ ነው። በ1611 ግን ስታር ቻምበር የተባለው ፍርድ ቤት ከዚህ ወሰን አለፈ። የዶሮ ነጋዴዎች ተማክረው አንድን ሰው በዝርፊያ ወነጀሉት፤ ሰውየው በዕለቱ ለንደን እንደ ነበረ ብዙዎች ስለ መሰከሩለት ክሱ ገና ከመነሻው ውድቅ ሆነ። ነጋዴዎቹ ያሰቡት ባይሳካም፣ ስምምነቱ ራሱ ያስቀጣል ተብሎ ተወሰነ።

ይህ መሠረት ከተጣለ በኋላ የወንጀሉ ክልል ሰፋ። በ1721 የካምብሪጅ ልብስ ሰፊዎች ደመወዝ ለማስጨመር በማደማቸው ተፈረደባቸው። በ1832 ዳኛ ዴንማን በሰጡት ትርጓሜ መሠረት፣ አድማ ማለት ሕገ ወጥ ሥራን፣ ወይም ሕጋዊውን ሥራ በሕገ ወጥ መንገድ ለመፈጸም መስማማት ነው።

ይሁን እንጂ በስውር የተደረገ ምክር እንዴት ይረጋገጣል? በ1837 በመርፊ ጉዳይ እንደ ተገለጸው፣ ተከሳሾቹ ተገናኝተው ቃል መግባታቸውን ማስረዳት ግድ አይደለም፤ ለአንድ ዓላማ ተያይዘው ከፈጸሟቸው ተግባሮች ስምምነቱን መገንዘብ ይቻላል። ደንቡ አስፈላጊ ቢሆንም አደጋ አለው፤ አንድ ዓይነት ሥራ የሠሩ ሁሉ የግድ ተማክረዋል ማለት አይደለምና።

የአደጋው ክብደት በሠራተኞች ላይ ታየ። በ1872 የለንደን ጋዝ ሠራተኞች ሥራ በማቆማቸው መሪዎቻቸው በአድማ ወንጀል ተፈርዶባቸው ታሰሩ። በ1875 የወጣው ሕግ ግን፣ አንድ ሰው ብቻውን ቢያደርገው ወንጀል የማይሆን ነገር፣ በሥራ ክርክር ጊዜ ብዙዎች ተስማምተው ቢያደርጉት የአድማ ወንጀል አይሆንም ሲል ደነገገ።

ክርክሩ ከዚያ በኋላ ወደ ፍትሐ ብሔር ተሻገረ። በ1901 የጌቶች ምክር ቤት በኩዊንና በሌዘም ጉዳይ፣ ነጋዴን ለመጉዳት ያደሙ የሠራተኛ ማኅበር ሰዎች ካሣ እንዲከፍሉ ፈረደ፤ በ1906 የወጣው ሕግም ለማኅበራቱ ጥበቃ ሰጠ። በ1942 ደግሞ በሃሪስ ጨርቅ ክርክር፣ መንገዱ ሕጋዊ ከሆነና ዋነኛው ዓላማ የራስን ጥቅም መጠበቅ ከሆነ ኀላፊነት እንደማይኖር ተወሰነ። ስለዚህም በወንጀል ስምምነቱ ብቻ ይበቃል፤ ነገር ግን ከጥርጣሬ ነጻ ሆኖ መረጋገጥ አለበት። በፍትሐ ብሔር ከሳሹ ጉዳት መድረሱን ጭምር ማሳየት ይገባዋል፤ የማስረጃው ሚዛን ግን ወደ እርሱ ካደላ ይበቃዋል።

በኢትዮጵያም የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 38 ወንጀል ለመሥራት ስለሚያድሙ ሰዎች ሲደነግግ፣ የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 42 ሥራ የማቆምን መብት አውቋል። ቃሉ አንድ ቢሆንም ሕጉ ሁለቱን ለይቷል። ስለዚህ ዳኛ ሊጠይቅ የሚገባው ሰዎቹ መተባበራቸውን ብቻ ሳይሆን፣ የተስማሙበት ነገር ምን እንደ ሆነና ይህም በምን ማስረጃ እንደ ተረጋገጠ ነው።