ስለ ችኮላና ስለ ነጻነት የተጻፉ ሦስት መጻሕፍት

«የቸኰለች አፍሳ ለቀመች» የሚለውን ተረት ሳይሰማ ያደገ ተማሪ ጥቂት ነው። ተረቱ የሴቲቱን ጥፋት ይናገራል እንጂ ማን እንዳስቸኰላት አይናገርም። እህሉ የራሷ ነበርን? ወይስ በደጅ ቆሞ የሚጠባበቃት ጌታ ነበረባት? ስለ ችኮላና ስለ ዝግታ ከተጻፉት መጻሕፍት ሦስቱን ይህን ጥያቄ ይዞ ማንበብ ይገባል። የሦስቱም ደራስያን በየጊዜያቸው መምህራን የነበሩ ናቸውና ነገራቸው ለትምህርት ቤት ሰው ሩቅ አይደለም። (ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮጳ አቈጣጠር ናቸው።)

ዣን ዣክ ሩሶ በ1712 በዤኔቭ ከተማ ከሰዓት ሠሪ አባት ተወለደ። በ1740 በሊዮን ከተማ የሁለት ልጆች የቤት አስተማሪ ሆኖ ተቀጥሮ አንድ ዓመት ያህል ከሠራ በኋላ፥ ለሥራው እንደማይበጅ ተረድቶ ተወው። ዕድሜው ወደ ዐርባ ሲጠጋም አኗኗሩን ለመለወጥ ቈርጦ የጌጥ ልብሱን ጣለ፤ ሰዓቱንም ሸጠ። የሰዓት ሠሪው ልጅ ሰዓቱን በመሸጡ እንዴት ያለ ደስታ እንደ ተሰማው በግል ታሪኩ ውስጥ ጽፎታል።

በ1762 የወጣው «ኤሚል» የተባለው መጽሐፉ በትምህርት ሥራ ላይ ይህንኑ አሳብ ያስፋፋል። በሩሶ አስተያየት የሕፃን መምህር ጊዜ ለማትረፍ ከመጣጣር ይልቅ ጊዜ ማባከንን መድፈር አለበት። ስለዚህም ኤሚል ዐሥራ ሁለት ዓመት እስኪሞላው ድረስ ከመጽሐፍ ይልቅ በሜዳው፥ በዕቃውና በገዛ እግሩ ይማራል። የፓሪስ ፍርድ ቤት መጽሐፉ እንዲቃጠል፥ ደራሲውም እንዲያዝ በሰኔ ወር 1762 አዘዘ፤ ሩሶም ከፈረንሳይ አገር ሸሸ። ሆኖም ይህን ቍጣ ያስነሣው የዝግታው ትምህርት ሳይሆን ስለ ሃይማኖት የጻፈው ክፍል ነበር።

የኤሚል ዝግታ ግን ዋጋው ከፍ ያለ ነው። ኤሚል የሀብታም ልጅ ነው፤ አንድ መምህርም ከልጅነት እስከ ጋብቻው ድረስ ለእርሱ ብቻ ተመድቦለታል። ስድሳ ተማሪ በአንድ ክፍል የያዘ መምህር ይህን ሲያነብ ፈገግ ቢል አይፈረድበትም። የሩሶ የራሱ አምስት ልጆች ደግሞ እንደ ተወለዱ ለተጣሉ ሕፃናት ማሳደጊያ ቤት ተሰጥተዋል።

ሄንሪ ዴቪድ ቶሮ በአሜሪካ፥ በማሳቹሴትስ ግዛት በምትገኘው በኮንኮርድ ከተማ በ1817 ተወለደ። በ1837 ከሃርቫርድ ተመርቆ በከተማው ትምህርት ቤት መምህር ሆነ። ሁለት ሳምንት ያህል እንዳስተማረ ከትምህርት ቤቱ ኃላፊዎች አንዱ መጥቶ፥ ተማሪዎቹን መግረፍ እንዳለበት ነገረው። ቶሮም ጥቂቶቹን ከቀጣ በኋላ በዚያው ቀን ሥራውን ለቀቀ። ቀጥሎም ከወንድሙ ከጆን ጋር ከ1838 እስከ 1841 ድረስ ግርፋት የሌለበት፥ ተማሪዎች ወደ ጫካና ወደ ወንዝ ወጥተው የሚማሩበት ትምህርት ቤት አቆመ። የጆን ጤና በመታወኩ ግን ትምህርት ቤቱ ተዘጋ።

በሐምሌ 4 ቀን 1845 ቶሮ በዋልደን ኩሬ ዳር፥ በወዳጁ በኤመርሰን መሬት ላይ፥ በገዛ እጁ በሠራው ጎጆ ገብቶ ሁለት ዓመት ከሁለት ወር ኖረ። ለጎጆው ያወጣው ገንዘብ 28 ዶላር ከ12 ሳንቲም ተኩል ነበር። በኩሬው አጠገብ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ የተሠራ የባቡር ሐዲድ ያልፍ ነበርና፥ በ1854 በታተመው «ዋልደን» በተባለው መጽሐፉ ሒሳቡን ከባቡሩ ጋር ይተሳሰባል። ወደ ፊችበርግ ከተማ ያለው መንገድ ሠላሳ ማይል ነው፤ የባቡሩ ዋጋ ዘጠና ሳንቲም፥ ይኸውም የአንድ ቀን ደመወዝ ያህል ነው። በእግሩ የተነሣ ሰው ከመምሸቱ በፊት ይደርሳል፤ በባቡር የሚሄደው ግን አስቀድሞ የባቡሩን ዋጋ ሲያገኝ ቀኑ ያልቅበታል። በዓመት ስድስት ሳምንት ያህል ብቻ ሠርቶ የሚያስፈልገውን እንዳገኘም ይናገራል። ሒሳቡ የሚያስደንቅ ነው፤ ነገር ግን ሚስትና ልጅ የሌለው፥ የመሬት ኪራይ የማይከፍል፥ ብዙ ጊዜም ከተማ ወርዶ ከዘመዶቹና ከወዳጆቹ ቤት የሚመገብ ሰው ሒሳብ መሆኑ አይዘነጋም። መጽሐፉንም ቢሆን በዝግታ ነው የሠራው፤ ከኩሬው ከተመለሰ በኋላ ለዓመታት ደጋግሞ እንደ ገና ጻፈው።

ቶሮ ወደ ጎጆው በገባበት በዚያው በ1845 ሌላ መጽሐፍ በቦስተን ታትሞ ነበር። ይህም ፍሬድሪክ ዳግላስ ስለ ባርነት ዘመኑ የጻፈው ታሪክ ነው። መጽሐፉ የሚጀምረው ጸሐፊው የተወለደበትን ቀን ባለማወቁ ነው፤ ሌሎች ሕፃናት ዕድሜያቸውን ሲያውቁ ባሪያው ልጅ ግን ስለ ዕድሜው እንዲጠይቅ እንኳ አይፈቀድለትም። በባልቲሞር ከተማ እመቤቱ ፊደል ልታስተምረው ጀምራ ሳለ ባሏ ከለከላት። ከዚያ ወዲህ ልጁ በተላከ ጊዜ መጽሐፉን ይዞ ይወጣል፤ የተላከበትን ጉዳይ በሩጫ ፈጽሞ፥ ከመመለሱ በፊት በተረፈችው ደቂቃ ንባቡን ያጠናል። አስተማሪዎቹ በመንገድ የሚያገኛቸው የድኾች ነጮች ልጆች ነበሩ፤ ደመወዛቸውም ከቤት ይዞት የሚወጣው ዳቦ ነበር። በኋላም ገና ባሪያ ሳለ፥ ከዐርባ የሚበልጡ ባልንጀሮቹን በእሑድ ቀን በስውር ንባብ አስተማረ። ጊዜው የጌታው በሆነበት ሰው ዘንድ መቸኰል ማለት ከጌታው ላይ ጊዜ መንጠቅ ነበር።

ከባርነት ያመለጠበትንም መንገድ በዚያ መጽሐፍ ውስጥ አልገለጠም፤ ለሌሎች እንዳይዘጋባቸው ፈርቶ ነበርና። ባርነት ከተሻረ በኋላ በ1881 ባሳተመው መጽሐፍ ግን ሁሉን ተረከ። በመስከረም 3 ቀን 1838 የመርከበኛ ልብስ ለብሶ፥ ባቡሩ መንቀሳቀስ ሲጀምር ዘሎ ወጣ። በቲኬት መሸጫው መስኮት ፊት ቆሞ ቢሆን ኖሮ ወረቀቱ ይመረመርበት ነበር። ሃያ አራት ሰዓት ሳይሞላ ኒውዮርክ ገባ።

ቶሮም ይህን ዐይነቱን ችኮላ በዐይኑ አይቶታል። የሸሹ ባሮች ተይዘው እንዲመለሱ የሚያስገድደው ሕግ በ1850 ከወጣ በኋላ፥ ሄንሪ ዊልያምስ የተባለ ከቨርጂኒያ የሸሸ ሰው ፖሊስ እንደሚፈልገው ሰምቶ ከቦስተን በእግሩ ኮንኮርድ ደረሰና በቶሮ ቤተሰብ ቤት ተጠለለ። ለመንገዱ ገንዘብ ተዋጣለት። በጥቅምት 1 ቀን 1851 ቶሮ ቲኬት ሊገዛለት ወደ ባቡር ጣቢያው ወርዶ ነበር፤ ነገር ግን በአኳኋኑ የቦስተን ፖሊስ የሚመስል ሰው በዚያ ቆሞ ስላየ ሳይገዛ ቀረ። አመሻሹ ላይ ግን ዊልያምስን ወደ ካናዳ በሚያደርሰው ባቡር አሳፈረው።