ከአዲሱ ገጽ ሥር ያለው አሮጌው ጨዋታ

ማይክሮሶፍት ኖቬምበር 11 ቀን 2014 «ኤክስቦክስ ዋን» ለተባለው የጨዋታ መሣሪያው ያወጣው «ሄይሎ፦ ዘ ማስተር ቺፍ ኮሌክሽን» ከ2001 እስከ 2012 በየተራ ለገበያ የቀረቡ አራት የሳይንስ ልብ ወለድ የተኩስ ጨዋታዎችን በአንድ ጥራዝ ያሰባሰበ ሥራ ነው (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። የተኩስ ጨዋታ ሲባል ተጫዋቹ ዓለሙን በባለ ታሪኩ ዓይን እያየና መሣሪያውን ከፊቱ እያነጣጠረ የሚዋጋበት የቪዲዮ ጌም ዘውግ ማለት ሲሆን፣ በሙያው «ሪማስተር» የሚባለው እድሳት ደግሞ የነባሩን ጨዋታ አሠራር እንዳለ ትቶ ሥዕሉን፣ ድምፁንና የምስሉን ጥራት ለዘመኑ መሣሪያ በሚመጥን ደረጃ ማሻሻል ነው። በነጋዴ ዓይን ሲታይ ጥራዙ አንዴ የተሸጠን ዕቃ በ60 ዶላር ደግሞ መሸጥ ነበር፤ የዚህን ወጣት ጥበብ ታሪክ ለሚያጠና ሰው ግን ሁለት ዘመናትን በአንድነት አቅፎ የያዘ ሰነድ በመሆኑ፣ ከተቀባው አዲስ ቀለም ይልቅ ከቀለሙ ሥር ያቆየው ነገር ይበልጥ ያነጋግራል።

የተከታታዩ መነሻ አሌክስ ሴሮፒያን በ1991 በቺካጎ የመሠረተው «ባንጂ» የተባለ አነስተኛ ድርጅት ነው። ድርጅቱ ይታወቅ የነበረው በይበልጥ ለማኪንቶሽ ኮምፒውተሮች በሚሠራቸው ጨዋታዎች ስለ ነበር፣ «ሄይሎ»ንም በጁላይ 1999 በኒው ዮርክ በተካሄደው የ«ማክወርልድ» ጉባኤ መድረክ ላይ ለሕዝብ ያስተዋወቀው የአፕሉ ስቲቭ ጆብስ ነበር። ይሁን እንጂ ዓመት ሳይሞላ፣ በጁን 2000፣ የአፕል ተቀናቃኝ የሆነው ማይክሮሶፍት ድርጅቱን ገዝቶ ሥራውን ሊያወጣው ላሰበው አዲስ መሣሪያ አዋለው፤ በዚህም መሠረት የመጀመሪያው ክፍል «ሄይሎ፦ ኮምባት ኢቮልቭድ» በኖቬምበር 15 ቀን 2001 ከመጀመሪያው ኤክስቦክስ ጋር በአንድ ቀን ለገበያ ቀረበ።

ታሪኩ የሚፈጸመው በ2552 ነው። የሰው ልጅ «ኮቨናንት» ከተባለ፣ በአንድ እምነት ከተሳሰረ የልዩ ልዩ ፍጡራን ኅብረት ጋር እየተዋጋ በመሸነፍ ላይ ሳለ፣ ከጦርነቱ ያመለጠች አንዲት መርከብ 10,000 ኪሎ ሜትር ስፋት ካለው ቀለበት ዘንድ ትደርሳለች፤ በቀለበቱ ውስጠኛ ገጽ ላይ ባሕር፣ ተራራና ደን አለ። ባለ ታሪኩ ፊቱ የማይታይ፣ «ማስተር ቺፍ» የሚል ማዕረግ ያለው ባለ ጥሩር ወታደር ሲሆን፣ «ኮርታና» የተባለች ሰው ሠራሽ አስተውሎት በጆሮው እየመከረችው ከመርከቧ ወደ ቀለበቱ ይወርዳል፤ በኋላም ቀለበቱ ጥንታውያን ፍጡራን «ፍለድ» የሚባለውን ተውሳክ በረኃብ ለመግደል ሲሉ ተውሳኩ የሚመገባቸውን ባለ አእምሮ ሕያዋን ሁሉ ለማጥፋት የሠሩት መሣሪያ መሆኑን ይደርስበታል።

የተኩስ ጨዋታዎች ከዚያ በፊት በአመዛኙ የኮምፒውተር ማውስና ኪቦርድ ንብረት ነበሩ። «ሄይሎ» ዘውጉን በጆይስቲክ እንዲመች አድርጎ ሲያዘጋጀው በአንድ ጊዜ ከሁለት በላይ መሣሪያ መያዝን ከለከለ፣ የእጅ ቦምብ መወርወሪያውን በራሱ ቁልፍ ላይ አደረገ፣ ጥቂት ሴኮንድ ከተኩስ ሲሸሹ ተመልሶ የሚሞላ ጋሻም ጨመረ። ይህ የመጨረሻው ነገር ቀላል ቢመስልም የውጊያውን ሂደት ለውጦታል፤ ተጫዋቹ ከድንጋይ ኋላ ተሸሽጎ ጋሻው እስኪሞላ የሚያስብበት ፋታ ስላገኘ እያንዳንዱ ግጭት በራሱ የቆመ አነስተኛ እንቆቅልሽ ሆነለት። ብዙዎቹ ተከታይ የተኩስ ጨዋታዎች ይህን አሠራር የወረሱ በመሆናቸው፣ ዛሬ የመጀመሪያውን ክፍል የሚጫወት ወጣት በጊዜው አዲስ የነበረውን ነገር አዲስ አድርጎ ለማየት መቸገሩ አያስገርምም።

ጥራዙን አስፈላጊ ያደረገው ግን ሁለተኛው ክፍል ነው። በኖቬምበር 9 ቀን 2004 የወጣው «ሄይሎ 2» በአሜሪካና በካናዳ ብቻ በመጀመሪያው ቀን 125 ሚሊዮን ዶላር ያህል ያስገባ ሲሆን፣ በታሪክ ውስጥ የያዘው ቦታ ግን ከዚህ ገንዘብ ይልቅ በ«ኤክስቦክስ ላይቭ» የኢንተርኔት አገልግሎት አማካይነት እርስ በርስ የማይተዋወቁ ተጫዋቾችን እንደየችሎታቸው መድቦ ማገናኘቱ ነው። አሠራሩ «ማችሜኪንግ» ይባላል፤ ተጫዋቹ ተጋጣሚ ፈልጎ አይንከራተትም፤ አንድ ቁልፍ ሲጫን ሥርዓቱ ራሱ ተጋጣሚ ያቀርብለታል። ይህ ሁሉ ግን በማይክሮሶፍት ሰርቨሮች ላይ የቆመ ስለ ነበር፣ ኩባንያው በኤፕሪል 15 ቀን 2010 ለመጀመሪያው ኤክስቦክስ የሚሰጠውን አገልግሎት ሲያቋርጥ ዲስኩ በእጃቸው ያለ ሰዎች እንኳ የጨዋታውን ዋና ገጽታ አጡ፤ መሣሪያቸውን ሳያጠፉ የቆዩ ጥቂት ተጫዋቾች እስከ ሜይ ድረስ እየተጫወቱ ሰንብተው እነርሱም አንድ በአንድ ተለያዩ።

ባንጂ በ2007 ከማይክሮሶፍት ሲወጣ ተከታታዩ በኩባንያው እጅ ቀረ፤ ማይክሮሶፍትም ለዚሁ ሥራ «343 ኢንዱስትሪስ» የተባለውን ስቱዲዮ አቋቋመ። ጥራዙን ያዘጋጀው ይኸው ስቱዲዮ ሲሆን ብቻውን ግን አልሠራውም፤ «ሴበር ኢንተራክቲቭ» የሁለቱን ቀደምት ክፍሎች «ዘመቻ» (ትረካው የሚካሄድበትን ክፍል) አደሰ፣ በማክስ ሆበርማን የተመሠረተው «ሰርተን አፊኒቲ» የውድድሩን ሜዳዎች ሠራ፣ «ብለር» የተባለው የአኒሜሽን ስቱዲዮ ደግሞ የሁለተኛውን ክፍል የፊልም ትዕይንቶች ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ እንደገና አዘጋጀ። ሆበርማን ቀደም ሲል በባንጂ የ«ሄይሎ 2»ን የውድድር ክፍል የመራ ሰው ስለ ሆነ፣ በእርሱ ድርጅት በኩል ሥራው ከአሥር ዓመት በኋላ ወደ ባለቤቱ ተመለሰ ቢባል ማጋነን አይሆንም።

በጥራዙ ውስጥ ከሚገኙት ሁሉ በጣም የሚያስገርመው በመጀመሪያውና በሁለተኛው ክፍል ላይ ያለችው አንዲት ቁልፍ የምትሠራው ሥራ ነው። ተጫዋቹ በውጊያ መካከል ይህችን ቁልፍ ሲጫን አዲሱ ሥዕል ተነሥቶ አሮጌው ይተካል፤ ደግሞ ሲጫን አዲሱ ይመለሳል። በ2011 ለመጀመሪያ ጊዜ በወጣው የአንደኛው ክፍል እድሳት ላይ በለውጡ መካከል ማያው ለአፍታ ይጨልም ነበር፤ በ«ሄይሎ 2» እድሳት ግን ለውጡ በቅጽበት ይፈጸማል፤ ምክንያቱም «ኢንጂን» የሚባሉት፣ የጨዋታውን ምስልና እንቅስቃሴ የሚያስኬዱት ፕሮግራሞች፣ አሮጌውም አዲሱም በአንድ ጊዜ ስለሚሠሩ ነው። ይህም ያለ ዋጋ አልተገኘም። መሣሪያው ሁለቱን በሴኮንድ በ60 ፍሬም ለመሸከም ሲል የዘመቻው የምስል ስፋት ከተለመደው 1920 በ1080 ፒክስል ወርዶ 1328 በ1080 እንዲሆን ግድ ሆኗል።

የዚህ አሠራር ውጤት በቅርብ ሲታይ እድሳት የሚባለው ነገር ምን ያህል ረቂቅ እንደ ሆነ ይገለጣል። በአንደኛው ክፍል እድሳት ላይ ጥይት የሚመታውን፣ እግር የሚረግጠውንና ጠላት የሚያስበውን የሚወስነው አሮጌው ፕሮግራም ነው፤ አዲሱ ሥዕል በላዩ የተነጠፈ ምንጣፍ ብቻ በመሆኑ አልፎ አልፎ ሁለቱ አይገጥሙም፤ በዓይን ባዶ በሚመስል ቦታ ላይ ጥይት ይቆማል፣ አዲስ የበቀለው ቅጠልም አይከልልም። ከዚህ የሚበልጥ ቅሬታ ያስነሣው ደግሞ የብርሃኑ ነገር ነው። ተውሳኩ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚገለጥበት ረግረጋማ ምዕራፍ በአሮጌው ሥዕል በጨለማና በጉም ተውጦ የሚያስፈራ ሲሆን፣ በአዲሱ ግን በደማቅ ቀለማትና በብዙ ጌጥ ስለ ተሞላ ፍርሃቱ ቀንሷል፤ ይህን ፍርድ ለመስጠት ቁልፏን ሁለት ጊዜ መጫን ይበቃል። በተቃራኒው «ዘ ላይብረሪ» የተባለው፣ ተመሳሳይ አዳራሾች እየተደጋገሙ የሚመጡበት ምዕራፍ በአዲስ ልብሱም ያው አሰልቺው ምዕራፍ ነው፤ የአሮጌውን ሥራ ድካም ከነብርታቱ ማቆየትም ከታማኝነት ይቆጠራል።

ታማኝነቱ ግን ለብዙ ዓመታት ጉድለት ነበረበት። ለአንደኛው ክፍል እድሳት መሠረት የሆነው የመጀመሪያው የኤክስቦክስ ጨዋታ ሳይሆን «ጊርቦክስ» በ2003 ለኮምፒውተር ያዛወረው ቅጂ ነበር፤ በዚያ ዝውውር ጊዜ ደግሞ አንዳንድ ብርሃን አሳላፊ ገጾችና የግድግዳዎች ሸካራነት የሚታይባቸው ስልቶች ተበላሽተው ነበር። መጽሐፍ ገልባጭ ስሕተት ካለበት ቅጂ ሲገለብጥ ስሕተቱንም አብሮ እንደሚገለብጥ፣ ጥራዙም «ጥንታዊው ሥዕል» ብሎ ያቀረበው የ2001ን ገጽ ሳይሆን የ2003ን የተበላሸ ገጽ ሆኖ ቆየ። በኦክቶበር 2021 በወጣ ማሻሻያ ነው አሮጌው ሥዕል ከዋናው ምንጭ ጋር ተመሳክሮ የታረመው፤ በመካከሉ በነበሩት ዓመታት ሥራውን በዚህ ጥራዝ ብቻ ያወቁ ተጫዋቾች ዋናውን ያዩ እየመሰላቸው ሌላ ነገር ሲያዩ ኖረዋል።

በ«ሄይሎ 2» ላይ የተጨመረው ሀብት ከሌሎቹ ሁሉ ይበልጣል። ማርቲን ኦዶነልና ማይክል ሳልቫቶሪ የደረሱት ሙዚቃ በ«ስካይዎከር ሳውንድ» ስቱዲዮ በኦርኬስትራ እንደገና ተቀርጿል፤ በ2004 ጊታር የተጫወተው ስቲቭ ቫይም ለዚሁ ሥራ ተመልሷል። ከውድድር ሜዳዎቹ ስድስቱ ከመሠረታቸው እንደገና ተሠርተዋል። ለምሥራቅ አፍሪካ አንባቢ የሚጠቀስ ነገርም አለ፤ የዚህ ክፍል የምድር ውጊያ የሚካሄደው «ኒው ሞምባሳ» በምትባል፣ ወደ ጠፈር የሚወጣ አሳንሰር በተተከለባት የወደፊቷ ኬንያ ከተማ ሲሆን፣ ሦስተኛው ክፍልም ትረካውን በዚያው በኬንያ፣ በፃቮና በቮይ አካባቢ ይቀጥላል።

«ሄይሎ 3» (2007) እና «ሄይሎ 4» (2012) በአንጻሩ ሙሉ እድሳት አልተደረገላቸውም፤ የምስላቸው ጥራት ወደ 1080፣ ፍጥነታቸውም ወደ 60 ፍሬም ከፍ ብሎ ቀርበዋል። የአራቱ ክፍሎች የውድድር ሜዳዎች በአንድ ላይ ከ100 በላይ ናቸው፤ የዘመቻ ምዕራፎቹም በአንድ ማውጫ ሥር ስለ ተደረደሩ ተጫዋቹ ከየክፍሉ የሚመሳሰሉትን መርጦ በተከታታይ መጫወት ይችላል። ከዚህ ሌላ «ናይትፎል» የተባለው ተከታታይ ፊልምና የ«ሄይሎ 5» የሙከራ ውድድር መግቢያ ከጥራዙ ጋር አብረው ተሰጥተዋል፤ እነዚህ ግን የገበያ ምርቃት ከመሆን አያልፉም።

ይህ ሁሉ ተይዞ ጥራዙ ሲወጣ ያልሠራው ዋነኛው ነገር የጠፋውን ይመልሳል የተባለለት ማችሜኪንግ መሆኑ ግርምት ያስነሣል። ዲስኩ ከሚይዘው 45 ጊጋባይት በላይ 20 ጊጋባይት ያህል በመጀመሪያው ቀን ከኢንተርኔት ማውረድ ያስፈልግ ነበር፤ ከዚያም በኋላ ተጫዋቾች ተጋጣሚ ሲጠብቁ ረጅም ጊዜ ይቀመጣሉ፣ ቡድኖቹም ሳይመጣጠኑ ይመደባሉ። በየዘመናቸው ለየብቻ የተጻፉ ኢንጂኖችን በአንድ የግንኙነት ሥርዓት ማስተሳሰር ከታሰበው በላይ ከባድ ሆኖ ተገኝቷል። የወቅቱ የ343 ኃላፊ ቦኒ ሮስ በዚያው ወር በይፋ ይቅርታ የጠየቁ ሲሆን፣ ለካሣ ያህል በ2009 የወጣው «ሄይሎ 3፦ ኦዲኤስቲ» ዘመቻ በ2015 ተዘጋጅቶ ቀደም ብለው ለተጫወቱ ሰዎች በነፃ ተሰጠ። ኒው ሞምባሳን በሌሊትና በዝናብ የሚያሳየው ይህ ጸጥተኛ ሥራ በካሣ ስም መግባቱ ለጥራዙ ጥቅም ሆኗል። መሠረታዊው ጥገና ግን እስከ ኦገስት 2018 ድረስ ዘገየ።

ከዚያ በኋላ ጥራዙ በዓይነቱም በስፋቱም ሌላ ነገር ሆነ። በዲሴምበር 2019 «ሄይሎ፦ ሪች» (2010) ሲጨመር ጥራዙ ለኮምፒውተርም መውጣት ጀመረ፤ የተቀሩት ክፍሎች በየተራ በ2020 ውስጥ ተከተሉ፤ የመጨረሻው «ሄይሎ 4» በኖቬምበር 17 ደረሰ። በጃንዋሪ 2022 የተከታታዩ የ«ኤክስቦክስ 360» ሰርቨሮች ሲዘጉ የእነዚህ ስድስት ጨዋታዎች ይፋዊ ማችሜኪንግ በዚህ ጥራዝ ላይ ብቻ ቀረ። የ2015ቱ «ሄይሎ 5» ግን አልተካተተም፤ ስለዚህ የማስተር ቺፍን ታሪክ በጥራዙ ብቻ የሚከታተል ሰው ከአራተኛው ክፍል ፍጻሜ በኋላ ትረካው ይቋረጥበታል።

የኮምፒውተሩ ዝግጅት ሌላ በር ከፍቷል፤ ስቱዲዮው ባንጂ ይጠቀምባቸው የነበሩትን የጨዋታ መሥሪያ ፕሮግራሞች ለተጫዋቾች ስለ ለቀቀ አድናቂዎች የራሳቸውን ምዕራፍ መሥራት ቻሉ። ባንጂ በ2003 በሎስ አንጀለሱ የ«ኢ3» ዐውደ ርእይ ላይ ያሳየው፣ የኒው ሞምባሳን ጎዳናዎች ያስቃኘው የ«ሄይሎ 2» ማሳያ በውስጡ የነበረውን የብርሃንና የጥላ አሠራር የዘመኑ መሣሪያ ሊሸከመው ባለመቻሉ ተጥሎ፣ በገበያ ላይ በዋለው ጨዋታም ሳይካተት ቀርቶ ነበር። «ዲግሳይት» በተባለው፣ ከስቱዲዮው ጋር ተባብሮ ይሠራ በነበረ የአድናቂዎች ቡድን ጥረት ይኸው ማሳያ በኖቬምበር 2024፣ የ«ሄይሎ 2» ሃያኛ ዓመት ሲከበር፣ በኮምፒውተር ላይ በዚሁ ጥራዝ ውስጥ ለሕዝብ ተለቀቀ፤ በ2003 ከዐውደ ርእዩ አዳራሽ ሆነው የተመለከቱትም ሆኑ ያኔ ያልተወለዱት ሊጫወቱት ችለዋል።