ማኒላ ፊልም ላይ ያወጣቻቸው ጭራቆች

ቀን ቀን እንደ ማንኛዋም ጎረቤት ናት። ሌሊት ግን ከወገቧ ለሁለት ትከፈላለች። የታችኛው አካሏ ባለበት ቆሞ ይቀራል፤ የላይኛው የሌሊት ወፍ ክንፍ አብቅሎ ይበራል። ነፍሰ ጡር ካለችበት ቤት ጣራ ላይ አርፋ፣ ረጅምና ቀጭን ምላሷን በክዳኑ ቀዳዳ አሹልካ ፅንሱን ትመጥጣለች። ቆሞ የቀረው ግማሽ አካል ላይ ጨው ወይም አመድ ከተነሰነሰበት ግን መልሳ መግጠም አትችልም፤ ፀሐይ ስትወጣ ትሞታለች። ፊሊፒናውያን ማናናንጋል ይሏታል።

ሆሴ ኔፖሙሴኖ ይህችን ጭራቅ በ1927 (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) ፊልም አደረጋት። ማኒላ ውስጥ ፎቶግራፍ አንሺ የነበረው ኔፖሙሴኖ በ1919 “ዳላጋንግ ቡኪድ” የተባለውን የመጀመሪያውን ፊሊፒናዊ ረጅም ፊልም የሠራ ሰው ነው። ድምፅ አልባው “አንግ ማናናንጋል” የአገሪቱ የመጀመሪያ አስፈሪ ፊልም ተብሎ ይቆጠራል። አገሪቱ ያኔ በአሜሪካ ቅኝ ግዛት ሥር ነበረች፤ ሲኒማ ቤቶቿም የሆሊዉድ ፊልም ያሳዩ ነበር። ታዋቂው የሆሊዉድ “ድራኩላ” የወጣው ግን ከአራት ዓመት በኋላ ነው። ኔፖሙሴኖ የሚያስፈራውን ከባዕድ አልተዋሰም፤ አያቶች ለልጅ ልጆቻቸው ከሚያወሩት ወሰደ። ለእኔ ትልቁ ሥራው ይህ ነው።

ወሬው ደግሞ ጥንታዊ ነው። ሁዋን ዴ ፕላሴንሲያ የተባለ ስፔናዊ መነኩሴ በ1589 ሲጽፍ፣ የማናናንጋል ወገን የሆነውን፣ እየበረረ የሰው ሥጋ የሚበላውን አስዋንግ “የሰይጣን ካህናት” ብሎ ከዘረዘራቸው መካከል አስገብቶታል። የአገሬውን ሴት መድኃኒተኞችና የእምነት መሪዎች ጭራቅ አድርገው የሣሉት ሚስዮናውያን ናቸው የሚሉ ተመራማሪዎች አሉ፤ የመነኩሴው ዝርዝር ሐሳባቸውን ያጠናክራል።

በ1933 “አንግ አስዋንግ” ከአገሪቱ የመጀመሪያዎቹ ባለ ድምፅ ፊልሞች አንዱ ሆኖ ወጣ። ድምፅ ለዚህ ፍጥረት ዋና ነገር ነው። ሕዝቡ እንደሚያምነው፣ “ቲክ ቲክ” የሚለው ድምፅ ጎልቶ ከተሰማ አስዋንጉ ሩቅ ነው፤ እየደከመ ከሄደ ደርሷል ማለት ነው።

ሁለቱም ፊልሞች ዛሬ የሉም። የዘመኑ የናይትሬት ፊልም በቀላሉ ይቃጠላል፣ በሙቀትና በእርጥበትም ይበላሻል፤ በየካቲት 1945 የተካሄደው ውጊያ ደግሞ ማኒላን አፈራረሳት። ከጦርነቱ በፊት ከተሠሩት ረጃጅም ፊልሞች የተረፉት አምስት ያህል ብቻ ናቸው። ከእነዚህ አንዱ፣ የ1937ቱ “ዛምቦአንጋ”፣ ጠፋ ከተባለ በኋላ አሜሪካ በኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ተገኝቷል። ስለዚህ የማናናንጋልና የአስዋንግ ፊልሞች ፍለጋ በውጭ አገር መዛግብትም መቀጠል አለበት።