ወሎና የዓለም የቴሌቪዥን ሽልማቶች

የተለያዩ አገሮች የቴሌቪዥን ፕሮግራሞች የሚወዳደሩባቸው ሽልማቶች መነሻቸው አውሮፓ ነው። የጣሊያን ራዲዮ እ.ኤ.አ. በ1948 በካፕሪ ደሴት የጀመረው ፕሪ ኢታሊያ መጀመሪያ የራዲዮ ውድድር ብቻ ነበር፤ ቴሌቪዥን የገባበት በ1957 ነው። በ1961 የስዊዘርላንዷ ሞንትሮ የመዝናኛ ፕሮግራሞችን በወርቅ ጽጌረዳ መሸለም ጀመረች። በ1964 በሙኒክ ለልጆች ፕሮግራሞች ፕሪ ዠነስ ተቋቋመ፤ በዓመቱ የጃፓኑ ኤንኤችኬ ለትምህርታዊ ፕሮግራሞች የጃፓን ሽልማትን መሠረተ። ኒው ዮርክ ላይ የሚሰጠው ዓለም አቀፍ ኤሚ ደግሞ የ1973 ነው።

የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም.፣ ማለትም የሙኒኩ ሽልማት በተቋቋመበት ዓመት ነበር። የአገሪቱ ስም በሽልማት መድረክ ጎልቶ የተሰማው ግን በጣቢያው ሥራ ሳይሆን በወሎ ረሃብ ነው።

በወሎ፣ ከደሴ ወደ ወልድያ የሚያልፈው አውራ ጎዳና ሐይቅ ከተማን አቋርጦ ይሄዳል። ከዚያ ብዙም ሳይርቅ አርዲቦ ሐይቅ በተራሮች ተከቦ ይገኛል፤ ውኃው በአንካርካ ወንዝ አድርጎ የእስጢፋኖስ ገዳም ወዳለበት ወደ ትልቁ ሐይቅ ይወርዳል። እንዲህ ያለ ውኃ ያለበት አገር እንዴት ይራባል የሚል አይጠፋም፤ የወሎ ገበሬ ግን የሚያርሰው ሰማይ አይቶ ነው። በ1965 ዓ.ም. ዝናቡ ሲከዳ የተራበው ሕዝብ ወደ አውራ ጎዳናው ወጥቶ የሚያልፈውን መኪና እያስቆመ ምግብ ይለምን ነበር። መንግሥት ነገሩን ሸሸገው።

የሸሸገውን የገለጠው የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ነው። ጆናታን ዲምብልቢ ለቴምስ ቴሌቪዥን የሠራው «ያልታወቀው ረሃብ» ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ለንደን ላይ ታየ፤ ከፍተኛ የእርዳታ ገንዘብም ተሰበሰበበት። ጋዜጠኛው በቀጣዩ የፈረንጆች ዓመት በአባቱ በሪቻርድ ዲምብልቢ ስም የተሰየመውን የብሪታንያ ሽልማት ተቀበለ። የፊልሙ ትልቁ ውጤት ግን የታየው አዲስ አበባ ላይ ነው። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ደርግ ፊልሙን በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳየ፤ በረሃብተኞቹ ምስል መካከል የቤተ መንግሥት ግብርና ንጉሠ ነገሥቱ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ የሚታይበት ምስል ተሰክቶበት ነበር። በማግስቱ ጠዋት ንጉሡ ከዙፋን ወረዱ። የተሸለመ ፊልም በሌላ እጅ ተቆርጦና ተቀጥሎ የመንግሥት ለውጥ መሣሪያ የሆነበት እንዲህ ያለ አጋጣሚ ብዙ አይገኝም።

ከ10 ዓመት በኋላ ታሪኩ ተደገመ። ኬንያዊው ካሜራ አንሺ መሐመድ አሚንና የቢቢሲው ማይክል በርክ፣ ያን ጊዜ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ከነበረችው ከኮረም ያቀረቡት ዘገባ ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ተላለፈ፤ ከ400 በላይ ጣቢያዎችም ተቀባበሉት። በርክ በዚህ ሥራው የብሪታንያ የዓመቱ የቴሌቪዥን ጋዜጠኛ ተባለ። በሁለቱም ጊዜ ወሎ የቀረበችው ተቀራጭ ሆና ነው። ዘገባዎቹ ሕይወት አትርፈዋል፤ ይህ አይካድም። ነገር ግን በዓለም ተመልካች ዓይን የቀረችው ወሎ አቧራና መጠለያ ብቻ ናት፤ የአርዲቦ ውኃና የአምባሰል ገደል በዚያ ትዝታ ውስጥ ቦታ የላቸውም።

ከረሃቡ ውጭ ባለ ታሪክም ነገሩ ተመሳሳይ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ2009 በአሜሪካ የዘጋቢ ፊልም ኤሚ ያገኘው፣ የአዲስ አበባ ፌስቱላ ሆስፒታልን ታካሚዎች ታሪክ የሚተርከው ፊልምም የውጭ ሰዎች ሥራ ነበር።

ኢትዮጵያውያን ራሳቸው ባዘጋጁት ፕሮግራም ዓለም አቀፍ መድረክ ላይ የደመቁት በ«ፀሐይ መማር ትወዳለች» ነው። መምህርት የነበረችው ብሩክታዊት ጥጋቡ ከባለቤቷ ጋር በቤታቸው ውስጥ የጀመረችው ይህ የልጆች ፕሮግራም የታየው በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ነው። ዋና ገጸ ባሕርይዋ ፀሐይ የተባለች፣ ከካልሲ የተሠራች የቀጭኔ አሻንጉሊት ናት። በሙኒኩ ውድድር ዳኞቹ በር ዘግተው የሚወስኑ ጥቂት ሰዎች አይደሉም፤ ከየአገሩ የመጡ የልጆች ፕሮግራም አዘጋጆች ሥራዎቹን አብረው አይተው፣ ተከራክረው፣ ድምፅ ይሰጣሉ። እ.ኤ.አ. በ2008 ፀሐይ በዚህ መድረክ የቀጣዩን ትውልድ ሽልማት አገኘች፤ በዚያው ዓመት በጃፓን ሽልማትም ተሸለመች። የተሸለመው ፕሮግራም የሚናገረው በአማርኛ ሲሆን፣ የተሠራውም ለውጭ ተመልካች ሳይሆን ለአገር ቤት ልጆች ነበር።