የምርጊት እጅ፦ የቤት ሠሪነት ሙያ አወራረስ በአገራችን

ጐንደር የዘለቀ ሰው ግንቦቹን በስማቸው ያውቃቸዋል። ይህ የፋሲል ነው፤ ያ የኢያሱ ነው፤ ወዲያ ከቁስቋም ያለው ደግሞ የእቴጌ ምንትዋብ ነው። ድንጋዩን የጠረበው፣ ኖራውን የለወሰው፣ ቅስቱን አጉብጦ ያቆመው ሰው ግን ስሙ የለም። የአማርኛ ቋንቋችን «ሠራ» እና «አሠራ» የሚሉትን ሁለት ግሦች አጥርቶ ለይቶ ያስቀመጠ ሆኖ ሳለ ዜና መዋዕል ጸሐፊዎቻችን ልዩነቱን እያወቁ ዘለሉት። ንጉሡ ግንብ ሠራ፤ ንግሥቲቱ ቤተ ክርስቲያን ሠራች ይላሉ። ከዚህ አነጋገር የተነሣ በአገራችን የሕንፃ ታሪክ ሲጻፍ ያሠሪዎች ታሪክ ሆኖ ቀረ፤ የሠሪዎቹ፣ ከዚያም አልፎ የአሳዳሾቹ ታሪክ፣ እስከ ዛሬ ድረስ በአግባቡ አልተጻፈም።

ለመሆኑ እነዚህ ሰዎች እነማን ነበሩ? ሙያቸውንስ ከማን ተማሩ? በጐንደር ዘመን ነገሥታቱን በግንበኝነትና በአናጢነት ካገለገሉት መካከል ቤተ እስራኤሎች ቀዳሚውን ስፍራ እንደያዙ ይታወቃል። ርስት የተነፈገ ሕዝብ በእጁ ሙያ ይኖር ዘንድ ግድ ስለሆነበት መዶሻውንና መሮውን ጨበጠ። ሕንፃው በተመረቀ ማግሥት ግን ያው እጅ «የቡዳ እጅ» ተባለ። ቀጥቃጩ፣ ሸክላ ሠሪዋ፣ ፋቂው፣ ሸማኔው ሁሉ ከዚህ ዕጣ አላመለጡም። ባለርስቱ የሚቀመጥበትን ወንበርና የሚያርስበትን ማረሻ የሚሠራለትን ሰው ከማዕዱ አያቀርበውም ነበር።

ይህ ንቀት በሞራል ረገድ ብቻ የሚታይ ጥፋት አይደለም። በሙያው አወራረስ ላይ ያደረሰው ጉዳት ከዚያ የከፋ ነው። የተናቀ ሙያ ከቤተሰብ አጥር አይወጣም። ልጅ ከአባቱ አጠገብ ቁጭ ብሎ በዓይኑ ይማራል፤ አባት ሲሞት ያላሳየው ነገር አብሮት ይቀበራል። የቅኔ ተማሪ ከማን ተማርህ ቢባል የመምህሩን፣ የመምህሩንም መምህር ስም እየጠራ ወደ ኋላ ይቆጥርልናል፤ ጎንጅ፣ ዋሸራ፣ ዋድላ እያለ ቤቱን ይለይልናል። ግንበኛው ግን እንዲህ ያለ የትውልድ ሐረግ የለውም፤ ቢኖረውም የጠየቀው የለም። የሚገርመው፣ ያ የቅኔ ተማሪ ራሱ የሚያድርባትን ጎጆ በገዛ እጁ ማገር አስሮ፣ ሣር ከድኖ የሚሠራ ሰው መሆኑ ነው። ይህን እንደ ትምህርቱ አካል የቆጠረለት ግን አልነበረም።

ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው መስደብን የሚከለክል አዋጅ ማወጃቸው ጉዳዩ የመንግሥት ራስ ምታት እስከ መሆን ደርሶ እንደነበረ ያስረዳል። ከተማ እየተቆረቆረ ነው፤ ድልድይ፣ መጋዘን፣ ትምህርት ቤት ያስፈልጋል፤ እጅ ግን የለም። እጅ ያለው ሰው ስድቡን ሽሽት ሙያውን ደብቋል። አዋጁ ስድቡን በአንድ ቀን አላጠፋውም፤ ቢያንስ ግን ነውሩን ከተሰዳቢው ወደ ተሳዳቢው አዛወረው።

ሆኖም ከዚህ ሁሉ ጎን ለጎን ማንም ያልናቀው፣ ማንም ደግሞ «ሙያ» ብሎ ያልጠራው ሌላ የቤት ሥራ ዕውቀት ነበር፤ የጭቃ ቤት። አብዛኛው የደጋው ሕዝብ የኖረው በዚህ ቤት ውስጥ ስለሆነ ከግንቡ ይልቅ እዚህ ላይ ብንዘገይ ተገቢ ይመስለኛል።

የጭቃ ቤት ሲሠራ አስቀድሞ እንጨቱ ይቆማል፤ አንዳንድ ቦታ ምስጥና እርጥበት እንዳይደፍረው ወደ መሬት የሚገባው ጫፍ በእሳት ይለበለባል። ሚስማር ብርቅ በነበረበት ዘመን ማገሩ በሐረግና በልጥ ይታሰር ነበር። ከዚያ አፈሩ ይቆፈራል፤ የጤፍ ጭድ ይነሰነስበታል፤ ውሃ ይጠጣና በእግር ይረገጣል። የተረገጠው ጭቃ ወዲያው አይመረግም። ለቀናት ይተኛል፤ ይቦካል፤ እንደገና ይረገጣል። ጭዱ ለስልሶ ከአፈሩ ጋር ሲዋሐድ ነው ጭቃው ደረሰ የሚባለው። መድረሱን የሚያውቁት በመዳፍ ጨብጠውና በአፍንጫ አሽትተው ነው። የመጀመሪያው ምርጊት ከተመታ በኋላ ግድግዳው እንዲደርቅና እንዲሰነጠቅ ይተዋል፤ መሰንጠቁ የሚጠበቅ ነው፤ ሁለተኛው ጭቃ ስንጥቁን ይዞ ይቆማል። በመጨረሻ የላመ አፈርና የደቀቀ ጭድ፣ አንዳንዴም እበት ተጨምሮበት ይለሰናል።

በዚህ ሥራ ውስጥ ሙሉ ትምህርት ቤት አለ። ደቦ ሲጠራ ሕፃናቱ ጭቃ ይረግጣሉ፤ ጎረምሶቹ ይሸከማሉ፤ ጎልማሶቹ ይመርጋሉ፤ ሽማግሌው ምሰሶው ቀጥ ማለቱን በዓይኑ ይለካል። ሕፃኑ የዕድሜውን ደረጃ እየወጣ የሥራውንም ደረጃ ይወጣል። ልስኑ ግን በአብዛኛው የሴቶች ነበር። ቤቱ አንድ ጊዜ ይቆማል፤ ልስን ግን በየዓመቱ ነው። ክረምት የሸረሸረውን፣ አይጥ የቦረቦረውን፣ ጢስ ያጠቆረውን ግድግዳና መደብ ለእንቁጣጣሽ፣ ለፋሲካ፣ ለሠርግ የምታድሰው ሴቷ ናት። እንግዲህ በኢትዮጵያ የቤት እድሳት ሙያ ዋና ባለቤት ማን ነው ቢባል መልሱ ግልጽ ነው፤ ከአንድም የሙያ መዝገብ ላይ ግን አልሰፈረም።

አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ከተቆረቆረች በኋላ ሁኔታው ተለወጠ። ባሕር ዛፍ መጣ፤ ቆርቆሮ መጣ፤ ቆርቆሮውን ተከትሎ ሚስማር በብዛት መጣ። ከ1871 ዓ.ም. ጀምሮ በምኒልክ ዘንድ የነበረው ስዊሳዊው አልፍሬድ ኢልግ፣ እንደ ሐጂ ቀዋስ ያሉ የሕንድ ግንበኞች፣ አርመኖችና ግሪኮች በየሥራው ተሰማሩ። ሰገነትና ባለ መስተዋት በረንዳ ያላቸው፣ በእንጨት ጥልፍ ያጌጡ የመኳንንት ቤቶች የተነሡት በዚህ ጊዜ ነው። ከእነዚህ የውጭ ባለሙያዎች ሥር ኢትዮጵያውያን ረዳቶች እየተማሩ ወጡ፤ አሁንም በዓይን፣ አሁንም ያለ መጽሐፍ።

ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. የነበረው የፋሺስት ወረራ በግፍ የመጣ ነው፤ ስለ ግፉ ብዙ ተጽፏል። እኔ እዚህ ላይ የምጠቅሰው በቋንቋችን ውስጥ የተወውን አሻራ ብቻ ነው። ዛሬ በማናቸውም የግንባታ ስፍራ ቆመን ጆሮ ብንሰጥ ካቦው ሲጣራ፣ ፌሮው ሲታጠፍ፣ አርማታው ሲሞላ፣ ባሬላው ሲነሣ፣ ወለሉ ሊሾ ሲደረግ፣ ኮርኒሱ ሲመታ፣ ካቻቪቴው ሲጠፋ እንሰማለን። እነዚህ ቃላት ሁሉ ከጣልያንኛ የተወሰዱ ናቸው። ማንም በጥቁር ሰሌዳ ላይ ጽፎ አላስተማራቸውም፤ የአገሬው ሠራተኛ ከሥራው ጋር ቃሉን ነጥቆ አስቀረ። ምሰሶ፣ ማገር፣ ወጋግራ፣ ምርጊት የሚሉት የራሳችን ቃላት ግን ወደ አዲሱ ሥራ አልተሻገሩም። ገጣሚ በመሆኔ ይሆናል፣ ይህ ነገር ሁልጊዜ ይከነክነኛል። «አርማታ» ብሎ የሚጠራ ሠራተኛ አንድ ሥራ ተምሯል፤ «ምርጊት» የምትል እናቱ የምታውቀው ሌላ ነው፤ ሁለቱ ዕውቀቶች አንድ ግድግዳ ላይ ሳይገናኙ ቀሩ።

ከነጻነት በኋላ በ1934 ዓ.ም. የተግባረ ዕድ ትምህርት ቤት ተከፈተ። ስሙ ራሱ የምኒልክን አዋጅ የሚያስታውስ ነው፤ የእጅ ሥራን ከስድብ አውጥቶ በትምህርት ቤት ደጃፍ ላይ ጻፈው። በ1947 ዓ.ም. ደግሞ በስዊድን መንግሥት ርዳታ የኢትዮ ስዊድን የሕንፃ ኮሌጅ በልደታ ተቋቁሞ በኋላ ከዩኒቨርሲቲው ጋር ተዋሐደ። ከእነዚህ ተቋማት የወጡት ሰዎች አገሪቱ ዛሬ ለቆመችባቸው ሕንፃዎች የዋሉት ውለታ ትልቅ ነው። በበኩሌ ግን አንድ ነገር ልብ እንዲባል እፈልጋለሁ፤ ትምህርቱ ያተኮረው አዲስ በመሥራት ላይ ነበር። አሮጌ ቤት እንዴት ይጠገናል? የሰመጠ ግድግዳ እንዴት ይደገፋል? የበሰበሰ ምሰሶ ጣራው ሳይወርድ እንዴት ይቀየራል? ይህ ሁሉ ለሠፈር አናጢና ለባልቴት የተተወ ነበር።

ይህ ክፍተት ዋጋ ያስከፈለን ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ያደረገው አዋጅ ቁጥር 47 ከወጣ በኋላ ነው። ኪራዩ ተቀነሰ፤ ከ100 ብር በታች የሚከራየው ቤት በቀበሌ ሥር ሆነ። ተከራዩ ከአከራይ ጭቆና መላቀቁ የማይካድ እውነት ነው። ነገር ግን የቤቶቹ ብዙዎቹ የጭቃ ናቸው፤ የጭቃ ቤት ደግሞ በየዓመቱ እጅ ይፈልጋል። ከዚያች ትንሽ ኪራይ የሚገኘው ገንዘብ እድሳቱን አይሸፍንም። ተከራዩ በራሱ ላድስ ቢል ፈቃድ መጠየቅ አለበት፤ ቤቱም የእርሱ አይደለም። ቀበሌው በጀት የለውም፤ ሠልጥኖ የተመደበ የጭቃ ቤት ጠጋኝም የለውም። ስለዚህ ግድግዳው ከሥሩ ተበላ፤ ቆርቆሮው ዝጎ አፈሰሰ፤ ሰውም ቀዳዳውን በላስቲክና በካርቶን ደፈነ። ቆይቶ የመጣው አፍርሶ የመሥራት ዘመን እነዚህን ሠፈሮች «የተጎሳቆሉ» ብሎ ሲጠርግ፣ ጉስቁልናው ከጭቃው ባሕርይ የመጣ የመሰላቸው ብዙዎች ናቸው። ጭቃው ግን ጥፋት አልነበረበትም፤ ለሠላሳ ዓመት ሳይለሰን የቆመ ግድግዳ ነው።

ከ1990ዎቹ አጋማሽ ወዲህ የተጀመረው የጋራ መኖሪያ ቤቶች ግንባታ በርካታ ወጣቶችን በጥቃቅንና አነስተኛ ማኅበራት አደራጅቶ ብሎኬት እንዲያመርቱ፣ በርና መስኮት እንዲገጥሙ አድርጓል። በ2000 ዓ.ም. የወጣው የቴክኒክና ሙያ ትምህርት ሥልጠና ስትራቴጂ ሙያውን ከየትም ቢማር፣ በትምህርት ቤትም በሥራ ላይም ቢሆን፣ ተመዝኖ የብቃት ማረጋገጫ የማግኘት በር ከፈተ። ከላይ ለተዘረዘረው ታሪክ ይህ ቀላል እርምጃ አይደለም፤ «በዓይኑ የተማረ» ሰው ለመጀመሪያ ጊዜ በመዝገብ ሊሰፍር ቻለ። የቤቶቹም ውስጣዊ ሥራ በብዙ ስፍራ ለባለ ዕድሉ ስለተተወ፣ ሴራሚክ አንጣፊው፣ ቀለም ቀቢው፣ ቧንቧ ሠራተኛው ከደጃፍ ደጃፍ የሚፈለግ ሰው ሆነ። የልሳኟ ሴት ሙያ ግን የትኛውም የምዘና ወረቀት ላይ አይቼው አላውቅም።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ባዘጋጀሁት አንድ ተውኔት ውስጥ ባሏ የሞተባት ሴት ለዓውደ ዓመት ቤቷን የምትለስንበት ትዕይንት ነበር። ግድግዳውን እውነተኛ ጭቃ አደረግነው። ተዋናይቷ ጎበዝ ልጅ ናት፤ ነገር ግን ጭቃውን በጣቷ ጫፍ እያነሣች ቅቤ እንደምትቀባ ሰው ስታስነካው ከአዳራሹ ጥግ ወለል ይጠርጉ የነበሩ እናት ሳቁ።

«ልጄ፣ ግድግዳውን ፈራሽው እኮ!»

«እንዴት ላድርገው እማማ?»

መጥረጊያቸውን አስደግፈው ወጡ፤ እጅጌያቸውን ሰበሰቡ። «በመዳፍሽ ሥር ምቺው። ከዚያ ወደ ላይ ግፊው። አትመለሺበት፤ ከተመለሽበት ይላጣል።» ክንዳቸው ከትከሻቸው ጀምሮ በአንድ ምት ይወጣ ነበር። ከማን እንደተማሩ ጠየቅኋቸው።

«ማን ያስተምረኛል! እናቴ ስትለስን ውሃ አቀብላት ነበር።»

ልጅቷ በሁለት ሳምንት ለመደችው። በመክፈቻው ምሽት ግን በመድረኩ መብራት ሙቀት ግድግዳችን በተመልካች ፊት ከላይ እስከ ታች ተሰነጠቀ። እኒያ እናት ጭዱን አሳንሳችኋል ብለውን ነበር።